አብራሪዋ ልብስ ሰፊ

አዲስ ደንበኛ ሁሉ አንድ ጊዜ ይሳሳታል። ፊት ለፊቴ ያለው ባለሱቅ «አብራሪ አለች?» እያለ ሲጣራ ይሰማና፣ ጨርቁን አስረክቦ ሊወጣ ሲል ዞር ብሎ፣ አውሮፕላን ማብረሩን ትቼ ነው ወይ ስፌት የጀመርኩት ብሎ ይጠይቀኛል። እኔ አውሮፕላን የማውቀው ከታች ሆኜ አንጋጥጬ ነው። አብራሪ የተባልኩት ቀልድ ስለማብራራ ነው።

ስሙን ያወጣልኝ ታላቅ ወንድሜ ነው። ፀጉር አስተካካይ ነው፤ ምላሱ መቀሱን ይቀድመዋል፤ ራሰ በራዎች ሳይቀሩ ወንበሩ ላይ ለመቀመጥ ተራ ይጠብቃሉ። እሱ ቀልድ ጣል አድርጎ ቤቱ ሲስቅ፣ እኔ ለምን እንደሳቅን ካልተናገርኩ ሆዴን ይቆርጠኛል። «እዚህ ጋ ቃሉ ሁለት ፊት ስላለው ነው እኮ» ስል ሁለት እጁን ራሱ ላይ ይጭናል። «ቀልድ ሲያብራሩት ይበራል» ይላል። ማብራራትንና መብረርን በአንድ አፍ ስላገናኘ በዚህች አባባሉ በጣም ይኮራል። እኔ ደግሞ ይቺው «ይበራል» ጠብቃ ስትነበብ የወፍ፣ ላልታ ስትነበብ የመብራት እንደሆነች፣ ስለዚህም እሱን ሳይሆን እኔን እንደምትደግፍ ባብራራለት አኮረፈኝ።

ይህ አመሌ ከአባቴ የመጣ ነው። አባታችን ልብስ ሰፊ ነበር፤ አሁን የምሠራበት ክፍል የሱ ነው፤ የስፌት መኪናውም፣ መቁረጫ ጠረጴዛውም የሱ ናቸው። ሙያውን ሲያስተምረኝ መርፌ አላስቀደመም። አሮጌ ኮት ሰጥቶኝ «ተርትሪው» አለኝ። ስፌቱን በምላጭ እየፈታሁ፣ ገበሩን ከፊቱ፣ እጅጌውን ከትከሻው ለያይቼ ጠረጴዛው ላይ ስዘረጋው፣ ኮት የሚባለው ነገር ምን እንደሆነ ያኔ ገባኝ። ከዚያ መልሰሽ ስፊው አለኝ። አንገቱ ትንሽ ተንጋደደ እንጂ ተለበሰ። ስለዚህ የተተረተረ ሁሉ ይበላሻል የሚለኝ ሰው አይዋጥልኝም። የሚበላሸው ተርትሮ ጥሎት የሚሄድ ሰው ሲገኝ ነው።

የእናታችን ጆሮ በአንድ ጊዜ አልሄደም። መጀመሪያ የበር መንኳኳት ጠፋባት፣ ቀጥሎ የስልክ ጥሪ፣ በመጨረሻ እኛ። አሁን በግራ ጆሮዋ ጠጋ ብሎ ዘርዘር አድርጎ ለሚነግራት ትሰማለች፤ ቀሪውን ከከንፈር ታነባለች። አባታችን በሕይወት ሳለ ይህ ብዙም አላስቸገረንም። ገበታ ላይ ወንድሜ ይቀልዳል፣ እኛ እንስቃለን፣ እሷ «ምን አለ?» ትላለች፤ አባታችን ማንኪያውን አስቀምጦ ፊቱን ወደሷ ያዞርና ከንፈሩን ከፈት እያደረገ ይደግምላታል። ከዚያ እሷ ትስቃለች። እንዲህ ሆኖ በቤታችን አንድ ቀልድ ሁለት ጊዜ ይሳቅበት ነበር። አባታችን ሲደግም ከራሱ ጨመር ስለሚያደርግበት፣ ሁለተኛው ሳቅ ከመጀመሪያው የሚበልጥበት ጊዜ ብዙ ነው።

እሱ ከሞተ በኋላ ማንኪያውን የሚያስቀምጥ ጠፋ። «ምን አለ?» ስትል ወንድሜ «ተይው እማዬ፣ ቢነግሩሽ አያስቅሽም» ይላታል። ክፉ ሆኖ እንዳይመስላችሁ፤ እናቱን እንደ ዓይኑ ብሌን ነው የሚያያት። ግን ቀልድ ጆሮ ሥር ተጮኾ ሲደገም ይሞታል ብሎ ያምናል፤ የሞተ ቀልድ ለእናቱ ማቅረብ ደግሞ የተረፈ ምግብ እንደማቅረብ ይቆጥረዋል። እኔ ላብራራላት ወንበሬን ሳስጠጋ እሷ ራሷ በእጇ ትመልሰኛለች። ለምን እንደምትመልሰኝ ያን ጊዜ አልገባኝም ነበር፤ ደግሞም ያበሳጨኝ ነበር።

ቀስ በቀስ «ምን አለ?» ማለቱን ተወችው። እኛ ስንስቅ ሳህኗን ታያለች። ቆይታ ሳህኗን ይዛ ጓዳ ብቻዋን መብላት ጀመረች። በቅርቡ ደግሞ ሌላ ከተማ ወደምትኖረው ታላቅ እህቷ ጠቅልላ ልትሄድ እንደሆነ ነገረችን። ምን አጎደልንብሽ ብንላት «ደከመኝ» ከማለት ሌላ ቃል አልወጣትም። ወንድሜ ቀለደ፣ ለመነ፣ ተቆጣ፤ በመጨረሻ የአውቶቡስ ትኬት እቆርጥልሻለሁ ብሎ በሩን ዘግቶ ወጣ። እኔ ማልቀስ አላማረኝም፤ ተናድጄ ነበር። ባሏን የቀበረች ሴት ልጆቿን ጥላ እንድትሄድ የሚያደርግ ምን ነገር አለ?

በዚያ ሳምንት አንድ ከሰዓት በኋላ ወደ ሥራ ቦታዬ መጣች። ኮቷን ይዛለች፤ አባታችን የሰፋላት ጥቁር ኮት ነው። ከስታ ስለነበር ትከሻው ላይ ወርዶባታል። ለመንገድ እንዲሆናት አጥብቢልኝ አለች። እኔም አንገቴ ላይ የተንጠለጠለውን ሜትር አወረድኩና፣ ከንፈሬን እንድታይ ፊት ለፊቷ ቆሜ «ልክሽን ልውሰድ» አልኳት።

ይህን ቃል በቀን ስንቴ እንደምለው እግዜር ይወቀው። እናቴ ግን ፊቷ ተለዋወጠ። ደንበኛ የሚጠብቅበት ወንበር ላይ ቀስ ብላ ተቀመጠች፤ ኮቱን ጭኗ ላይ አደረገችው።

«ያን ቀን ምን ነበር ያለው?» አለችኝ።

የትኛው ቀን እንደሆነ መጠየቅ አላስፈለገኝም። አባታችን ከማረፉ በፊት ያለው ቀን ነው። ሆስፒታል ተኝቶ አፍና አፍንጫው ላይ የኦክስጅን ጭንብል አድርገውለት ነበር። ወንድሜ፣ ሚስቱና እናታችን አጠገቡ ነበሩ፤ እኔ መድኃኒት ልገዛ ወጥቻለሁ። የደም ግፊቱን ልትለካ የገባችው ነርስ እናታችን እጁን ይዛ አልለቅ ስላለቻት፣ «አባባ፣ እኚህ ምንዎ ናቸው?» ብላ በጨዋታ ጠየቀችው። እሱም ዓይኑን እናታችን ላይ ተክሎ ከጭንብሉ ሥር «እድሜ ልኬ ናት» አለ። ክፍሉ በሳቅ አውካካ። እኔ ስመለስ ወንድሜን ኮሪደር ላይ ግድግዳ ተደግፎ፣ እያለቀሰም እየሳቀም አገኘሁት፤ የአባታችንን ድምፅ ቁርጥ አድርጎ አስመስሎ ነገረኝ። ሰውዬው በዚያ ትንፋሹ ሚስቱን እንደ ፍርድ ቤት ውሳኔ፣ እድሜ ልክ እንደተፈረደበት እስራት አድርጎ ማቅረቡ ነው ያሳቃቸው። በማግስቱ አረፈ፤ ሌላ ቀልድም ሌላ ቃልም አልተናገረም።

ከቀብር በኋላ ይህን ለእናታችን እንንገራት ብዬ አንስቼ ነበር። ወንድሜ እንደዚያ ሲቆጣ አይቼው አላውቅም። የባሏ የመጨረሻ ቃል «እስር ቤቴ ናት» የሚል መሆኑን ሰምታ በምን አንጀቷ ትኖራለች አለኝ። እኛ ድምፁን፣ ፊቱን፣ ነርሷን አብረን ስላየን ሳቅን፤ እሷ ግን የምታገኘው ቃሉን ብቻ ነው፤ ቃሉ ብቻውን ደግሞ ስድብ ነው አለ። አብራሪነትሽን ለአንድ ጊዜ እንኳ ተይው፣ ዝም አይነቅዝም ብሎ አስማለኝ። እውነቱን ለመናገር ክርክሩ ሚዛን ደፍቶብኝ ነበር፤ ዝም አልኩ።

አሁን እናቴ መልስ እየጠበቀች ነው። ሜትሩን ጠረጴዛው ላይ ሳስቀምጥ እሷው ቀጠለች፤ ድምፅዋ ለራሷ ስለማይሰማት አንዳንዴ ከፍ አንዳንዴ ዝቅ ይላል።

«ጭንብሉ ከንፈሩን ሸፍኖታል። ዓይኑ እኔ ላይ ነው። አንድ ነገር አለ፣ ሁሉም እኔን እያዩ ሳቁ። ወንድምሽን ምን አለ ብለው፣ በኋላ አለኝ። ከዚያ ወዲያ በኋላ የሚባል ነገር አልመጣም። አባትሽ ያልደገመልኝ ቀልድ ያ ብቻ ነው።»

አባታችን ምን ያለ እንደሚመስላት ጠየቅኳት።

«ስለ ጆሮዬ ነዋ። ይቺ ደንቆሮ ነች፣ ብትጮሂባትም እጄን አትለቅልሽም ብሏት ይሆናል ነርሷን። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይላሉ፤ የኔማ ጭራሹኑ ባዳ ሆነ።» ኮቱን ጭኗ ላይ አስተካከለችና፣ «እናንተ ስትስቁ ሁሌ ያ ቀን ነው የሚመጣብኝ። አንቺን የጠየቅኩሽ እዚያ ስላልነበርሽ ነው። ያልሳቅሽው አንቺ ብቻ ነሽ» አለችኝ።

አንጀቴን በላችው። ለካስ እጇን እያወዛወዘች የምትመልሰኝ፣ የምነግራትን ሁሉ አለሳልሼ የምነግራት እየመሰላት ነው። ለካስ ገበታውን የተወችው፣ ሳህኗን ይዛ ጓዳ የገባችው፣ አሁንም ሻንጣ የምታዘጋጀው፣ እድሜዋን ሁሉ ጆሮ የሆናት ሰው በመጨረሻ ቀኑ በጆሮዋ ሳቀ ብላ ነው። ወንድሜ ዝም አይነቅዝም ይላል። የእናታችን ዝምታ ግን ነቅዞ ዱቄት ሆኗል።

እንዲያም ሆኖ ፈራሁ። ማብራራት ስፈራ በሕይወቴ የመጀመሪያዬ ነው። ብነግራት የደንቆሮን ስድብ በእስር ቤት ስድብ መተካት ነው፤ ከድጡ ወደ ማጡ። ባልነግራት ደግሞ አውቶቡሱ ይዟት ይሄዳል፤ እዚያም ቢሆን ያው ሀሳብ አብሯት ይቀመጣል። የኔ መርዝ ቢያንስ የታወቀ መርዝ ነው ብዬ ልነግራት ቆረጥኩ።

በጆሮዋ ልነግራት አልፈለግኩም፤ አንድ ቃል ብትስት ሁሉም ይበላሻል። ጠረጴዛው ላይ ለአንድ ደንበኛ ሙሉ ልብስ የተዘረጋ ጥቁር ሰማያዊ ጨርቅ አለ። የልብስ ጠመኔዬን አንስቼ ጨርቁ ላይ የነርሷን ጥያቄ ጻፍኩ። ከሥሩ «እድሜ ልኬ ናት» ብዬ ጻፍኩ። እናቴ መነጽሯን አድርጋ ከወንበሯ ተነሳች፤ ጎንበስ ብላ አነበበች።

እኔም እንደ ኮት መተርተር ጀመርኩ። ሰዎቹ የሳቁት «እድሜ ልክ» ሲባል መጀመሪያ የሚታሰበው እስር ስለሆነ ነው አልኳት። ባል ስለ ሚስቱ እንዲህ ሲቀልድ የተለመደ ነው፣ ፀጉር ቤት ውስጥ ሁሉም ይቀልደዋል፤ ስለ ጆሮሽ ግን አንድም ቃል አልወጣውም አልኳት። ፊቷ አልተንቀሳቀሰም። ቀጥዬ፣ ሕይወቴን በሙሉ አብራኝ የነበረች ማለትም ሊሆን ይችላል አልኩ። ይህን ስል ላጽናናት ብዬ ከኪሴ ያወጣሁት እንዳይመስላት ፈራሁ።

እናቴ አልሰማችኝም ነበር። ጣቷን ጨርቁ ላይ፣ ከአንዲት ፊደል ሥር አስቀምጣለች።

«ልክ ናት ነው ያለው፣ ወይስ ልኬ ናት?»

«ልኬ።»

«አስተካክለሽ ንገሪኝ።»

«ልኬ ነው እማዬ። ወንድሜ ሰው ሲያስመስል ትንፋሽ እንኳ አይስትም። ልኬ ናት ነው ያለው።»

መነጽሯን አወለቀች። አፏን በመዳፏ ያዘች፤ ትከሻዋ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ገደልኳት ብዬ ሮጬ ያዝኳት። ከዚያ እጇ ከአፏ ሲወርድ አየሁ፤ እየሳቀች ነው። የራሱን ሳቅ የማይሰማ ሰው እንደሚስቀው፣ ያለ ልክ፣ ባለሱቁ ከማዶ አንገቱን እስኪያወጣ ድረስ ትስቃለች። ዓይኗ እንባ አቅርሯል፤ ጣቷ ግን አሁንም ፊደሏ ላይ ነው።

ያን ቀን ከሰዓት በኋላ እናቴ ነበረች አብራሪዋ።

ልጃገረድ ሳለች ከታላቅ እህቷ ጋር ጨርቅ ይዛ ወደዚሁ ክፍል መጥታ ነበር። ወጣቱ ልብስ ሰፊ ልኳን ወሰደ። ቀሚሱ ደርሶ ስትለብሰው እጅጌው አጥሯል። ይቅርታ ጠይቆ እንደገና ለካት። እጅጌው ተስተካክሎ ሲመጣ ወገቡ ጠቧል። እንደገና ለካት። ወገቡን ሲያሰፋው ጫፉ በአንድ ወገን ወርዶ ተገኘ። እኔ እዚህ ላይ ሳላስበው ሳቅሁ፤ ምክንያቱም አባታችን ሰው ከበር ሲገባ በዓይኑ ለክቶ የሚጨርስ፣ ሜትሩን ለደንቡ ያህል የሚይዝ ሰው ነበር። እንዲህ ያለ ስህተት በአንድ ቀሚስ ላይ ተደጋግሞ የሚሠራው፣ ተጨንቆና ተጠብቦ ከሠራው ብቻ ነው።

እህቷ ግን ልብስ ሰፊ አይደለችም። ቱግ አለች። እናቴ ወገቧን ይዛ እህቷን አስመስላ አሳየችኝ።

«አንተ፣ የዚህችን ልጅ ልክ እስከ መቼ ነው የምትወስደው?» አለችው እህቷ።

«እድሜ ልኬን» አላት።

እህቷ በሙያው የማይረባ መሆኑን በራሱ አፍ ያመነ መሰላት፤ ቀሚሱን ወርውራለት፣ እናቴን ክንዷን ይዛ ወጣች። እናቴ ገብቷታል፤ አንገቷን ደፍታ ትስቃለች። መንገድ ላይ እህቷ ምን ያስቅሻል ብትላት «ምንም» አለች። ቀሚሱን ለማምጣት ግን ብቻዋን ተመለሰች።

ይህን ለማንም ተናግራ አታውቅም። ለምን ደበቅሽን ብላት፣ ለወንድምሽ ብነግረው ፀጉር ቤት ሙሉ ያወራው ነበር፣ ላንቺ ብነግርሽ ደግሞ ትተረትሪው ነበር አለችኝ። ለእህቷ ያላብራራችላትም ለብቻዋ ስለፈለገችው ነው። ስለዚህ ወንድሜ ሙሉ በሙሉ አልተሳሳተም፤ አንዳንድ ሳቅ የሚቆየው ባለመነገሩ ነው። ግን ይህ የሚሆነው ሰውየው ራሱ ገብቶት ለራሱ ሲያስቀምጠው እንጂ፣ ሌሎች ይዘውበት እሱ ደጅ ሲቀር አይደለም።

ቁጭ ብዬ አለቀስኩ። ሆስፒታሉ ክፍል ውስጥ የነበሩት ሁሉ በገባቸው ልክ ሳቁ፤ ቀልዱ የተነገረላት ሰው ብቻ ሳትሰማው ቀረች። አባታችን መልሱን ይዞ ከዚያች ቀሚስ ጀምሮ እስከ ሆስፒታሉ አልጋ መጣ፤ ሊደግምላት ትንፋሽ አጠረው። በማግስቱ ነቅቶ ቢሆን ጭንብሉን ገፋ አድርጎ፣ ከንፈሩን ከፈት አድርጎ ይደግምላት እንደነበር አልጠራጠርም።

እናቴ እንባዬን በኮቷ እጅጌ ጠረገችልኝና እንደገና ጨርቁን ስታነብ እንደገና ሳቀች። ቀልዱ ተተርትሮ፣ ገበሩ ከፊቱ ተለይቶ፣ እዚያ ጠረጴዛ ላይ ተዘርግቷል፤ ያም ሆኖ ያስቃታል።

ወንድሜ የገባው በዚህ መሀል ነው። ትኬቱን ሊቆርጥ የምትሄድበትን ቀን ሊጠይቃት መጥቶ ሳቋን ከመንገድ ሰምቷል። የፀጉር ቤቱን ሽርጥ እንኳ አላወለቀም፤ በሩ ላይ ቆመ። ከአባታችን ሞት ወዲህ እንደዚህ ስትስቅ ሰምቷት ስለማያውቅ እሱም ምክንያቱን ከመስማቱ በፊት ፈገግ አለ።

«ምን ተገኘ? ምን አለች?» አለኝ።

እናቴ ከንፈሩን አነበበች።

«ተወው ልጄ፣ ቢነግሩህ አያስቅህም» አለችው።

ፈገግታው ፊቱ ላይ ደረቀ። ዓይኑን የሚጥልበት አጥቶ መሬት መሬት አየ። ያን ፊት አውቀዋለሁ፤ ሳህኗን ስታይ እናቴ የሚኖራት ፊት ነው። እሱም ያወቀው ይመስለኛል፤ ጆሮዎቹ ሲቀሉ አይቻለሁ። ከዚያ ዓይኑ ጠረጴዛው ላይ ካለው ጽሑፍ ጋር ተጋጨ።

«ነገርሻት?» አለኝ በሹክሹክታ።

ሳልመልስለት እናቴ ቀደመችኝ። ትኬቱን ቁረጥልኝ አለችው፤ ግን የመመለሻውንም ጨምረህ ነው። እህቷ ዘንድ የምትሄደው ልትኖር አይደለም። ያን ቀን መንገድ ላይ ለምን እንደሳቀች ልትነግራት ነው፤ አሮጊቷ ሳይገባት እንዳትሞት።

ወንድሜ አንዴ እሷን አንዴ እኔን ያያል። የትኛው ቀን፣ የትኛው መንገድ፣ ማን እንደሳቀ አንዱም አልገባውም። ፀጉር ቤት ሙሉ የሚያስቅ ሰው፣ ሁለት ሴቶች በሚስቁበት ክፍል በር ላይ ሽርጡን እንደታጠቀ ቆሟል። አሳዘነኝ። እናቴንም ሳታሳዝናት አልቀረም፤ ኮቷን ለብሳ ክንዷን ለሜትሬ እየዘረጋች በአገጯ ወደሱ ጠቆመችኝ።

«አብራሪ» አለችኝ።

በዚህ ስም ጠርታኝ አታውቅም። ስሜን መጥራቷ ይሁን ማዘዟ አልገባኝም፤ ለማንኛውም ጠመኔውን አነሳሁ።